«ዓይኑ ደም ለብሷል» እና «ፓነስ» አንድ ናቸውን?

ጥያቄ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ባሕር ዳር በሚገኝ አንድ ሆስፒታል የሕክምና መዝገብ ክፍል ውስጥ የምሠራ ሲሆን፣ ሥራዬም ሐኪሞች የጻፉትን የምርመራ ውጤት በዓለም አቀፉ የበሽታዎች ምደባ መሠረት መለያ ቁጥር መስጠት ነው። ከጣና ዳር ቀበሌዎች የሚመጡ ታካሚዎች ብዙ ጊዜ «ዓይኔ ደም ለበሰ» ይላሉ፤ ሐኪሙ ደግሞ ከሥሩ «ፓነስ» ብሎ ያልፈዋል። ሁለቱ አንድ ነገር ናቸውን? ለፓነስስ የሚሆን አማርኛ አለን?

ምላሽ፦
አንድ አይደሉም። «ዓይኑ ደም ለበሰ» የሚለው አነጋገር በልማድ ቁጣንም የዓይን መቅላትንም ይገልጻል፤ መቅላቱን ስንልበት የምናየው የነጩን ክፍል ነው። የነጩ መቅላት በመለያ ቁጥር ኤች 11.4 ሥር፣ ደም ከነጩ ስስ ሽፋን በታች ፈስሶ ከሆነ ደግሞ በኤች 11.3 ይመዘገባል። እርስዎ የጠየቁት ፓነስ ግን በኤች 16.4 የሚመዘገብ የኮርኒያ ጉዳይ ነው። ኮርኒያ ብርሃን የሚያሳልፈው የዓይን የፊት ሽፋን ሲሆን፣ ጥርት ብሎ የሚኖረው በተፈጥሮው የደም ሥር ስለሌለው ነው፤ ኦክስጅን የሚያገኘው በአብዛኛው በእንባው በኩል ከአየር ነው። ኢንፌክሽን፣ የኬሚካል ቃጠሎ፣ የቆየ ብግነት ወይም ያለ ልክ የተደረገ የንክኪ መነጽር (ኮንታክት ሌንስ) ይህን ሥርዓት ሲያውክ፣ ከነጩ ወሰን የተነሡ ቀጫጭን የደም ሥሮች ወደ ጥቁሩ ይዘልቃሉ፤ የኮርኒያውን ገጽ ሲሸፍኑት ፓነስ ይባላል። ስለዚህ በመዝገብ ላይ «በኮርኒያ ላይ አዲስ የደም ሥር መብቀል» ቢባል ከቁጣውም ከመቅላቱም ይለያል።

ሌላ ምላሽ፦
«ኮርኒያ» ከሚባል ለምን «ብሌን» አንልም የሚል ይኖራል። በቀደመው አጠቃቀም ብሌን በዓይን መካከል ያለው ጥቁሩ ነጥብ ነው፤ ዛሬ «የዓይን ብሌን ልገሳ» ሲባል ግን የሚለገሰው ኮርኒያ ነው። ቃሉ ሁለት ቦታ ስለሚውል ለንግግር ቢስማማም ለመለያ ቁጥር አይመችም፤ «ኮርኒያ» እንዳለ ይቆይ እላለሁ።

«ፓነስ» በላቲን ቁራጭ ጨርቅ ማለት መሆኑን ስናይ፣ የእኛው «ለበሰ» ሳያውቀው ወደዚያው ተጠግቷል። ይሁን እንጂ ይህ መመሳሰል መዝገብ ላይ እንዳያሳስተን።

ሌላ ምላሽ፦
ከቃሉ ይልቅ የሚያሳስበኝ መንስኤው ነው። በአማራ ክልል የዓይን ማዝ (ትራኮማ) ብዙ ሰው የሚያጠቃ በሽታ በመሆኑ፣ በጣና ዙሪያ የሚታየው ፓነስ የማዝ ውጤት ሊሆን ይችላል፤ በማዝ የሚመጣው ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ከኮርኒያው የላይኛው ጠርዝ ይጀምራል። የዓለም ጤና ድርጅት 10ኛው ምደባ በማዝ የመጣውን ፓነስ የሚያስቀምጠው በኤች 16.4 ሳይሆን በኤ 71.1፣ ማለትም ንቁ ደረጃ ላይ ባለው ማዝ ሥር ነው። አንድ ቃል ሁለት ምዕራፍ ውስጥ ያስገባል ማለት ነው፤ ሐኪሙ መንስኤውን ካልጻፈ መዝጋቢው መገመት የለበትም፣ ካርዱን ይዞ ሄዶ መጠየቅ ነው እንጂ።

አሜሪካኖች ከጥቅምት 2015 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሚጠቀሙበት የምደባው ቅጂ ኤች 16.4ን ከፋፍሎታል፦ ያልተገለጸው 16.40፣ ደም አልባ የቀሩት ሥሮች 16.41፣ ፓነስ 16.42፣ በአንድ ስፍራ የተወሰነው 16.43፣ ወደ ውስጥ የዘለቀው 16.44 ነው። መጨረሻ ላይ ለቀኝ ዓይን 1፣ ለግራ 2፣ ለሁለቱም 3 ይጨመራል፤ 9 የሚጻፈው የትኛው ዓይን እንደሆነ ሳይገለጽ ሲቀር ነው። ስለዚህ የሁለቱም ዓይኖች ፓነስ 16.423 ይሆናል።

ጠያቂው፦
አመሰግናለሁ። «ደም አልባ የቀሩት» የተባሉትን በእንግሊዝኛው ስማቸው ሲጠሯቸው «የሙት መንፈስ ሥር» ይመስላል፤ እንዲህ ብዬ ብጽፍ ታካሚ ያስደነግጣል ብዬ ተውኩት።

ምላሽ፦
መተውዎ ተገቢ ነው። ላም ስትነጥፍ፣ ምንጭም ሲደርቅ «ነጠፈ» እንደምንለው «የነጠፈ የደም ሥር» ብንለው ሐኪሙም መዝጋቢውም ይግባቡበታል። ብግነቱ ከተመለሰ ያው ሥር እንደገና ደም ሊሞላ ስለሚችል፣ «የሞተ ሥር» የሚለው አይሆንለትም።