ጥቆማ፦ ለሐይቅና ለገዳም ፎቶ የሚሆን ስልክ፣ ባሕር ዳር ላይ ከየት ይገዛ?

አስጎብኚዋ፦ ሰላም የባሕር ዳር ሰዎች። ሥራዬ እንግዶችን በጀልባ ወደ ዘጌና ወደ ደሴቶቹ ይዞ መሄድ ነው። ስልክ ልቀይር ነው፤ ሳምሰንግ ጋላክሲ ኤስ 24 አልትራ ወይስ አይፎን 15 ፕሮ ማክስ? የምፈልገው በቀትር ፀሐይ ሐይቁ ላይ ስክሪኑ እንዲነበብ፣ ሻላና ንስር ከሩቅ እንዲነሡልኝ፣ ኡራ ኪዳነ ምሕረት ውስጥ ደግሞ ያለ ፍላሽ የመቅደሱ ሥዕል ቀለሙን ሳይስት እንዲወጣልኝ ነው። ባትሪው እስከ ማታ ሊያደርሰኝ ይገባል። የሚታመን ሱቅም ጠቁሙኝ።

ሽምብጥ፦ እህቴ፣ ለአንቺ ሥራ ኤስ 24 አልትራ። ስክሪኑ እስከ 2600 ኒት (የስክሪን ድምቀት መለኪያ ነው) ይደምቃል፤ ከድምቀቱ በላይ የሚጠቅምሽ ግን መስታወቱ ነጸብራቅ መቀነሱ ነው። በሌሎች ስልኮች ጀልባ ላይ የሚታየው የራስ ፊትና ሰማይ ነው፤ በዚህኛው ፎቶው ራሱ ይታያል። የማልወድለት ቅርጹን ነው። 232 ግራም ይመዝናል፣ ማዕዘኖቹም መዳፍ ይወጋሉ፤ ጀልባው ሲወዛወዝ በአንድ እጅ መያዝ አድካሚ ነው። አይፎኑ 221 ግራም ሆኖ ጠርዙ ለስለስ ያለ ነው። ሁለቱም ታይታኒየም ናቸው።

ደንገል፦ ስለ ወፍ ከተነሣ አንድ ነገር ልጨምር። ኤስ 23 አልትራ 10 እጥፍ የሚያቀርብ ሌንስ ነበረው፤ ኤስ 24 አልትራ ላይ በ5 እጥፍ ተተክቷል። ብዙ ሰው ቅናሽ መስሎት አዝኗል፤ ነገር ግን የዚያ ካሜራ ሴንሰር ከ10 ወደ 50 ሜጋ ፒክስል ስላደገ መሐሉን ቆርጦ ሲያቀርብም የንስሩ ላባ ተለይቶ ይወጣል። አይፎን 15 ፕሮ ማክስም 5 እጥፍ ነው፤ የእሱ ግን 12 ሜጋ ፒክስል ስለሆነ ከዚያ በላይ ሲሳብ ይደበዝዛል። ለቪዲዮና ለቀለም ታማኝነት እኔ አይፎኑን እመርጣለሁ። ገዳም ውስጥ ደግሞ በየትኛውም ስልክ ማቅረቢያውን አትጠቀሚ፤ ብዙ ብርሃን የሚቀበለው ዋናው ሌንስ ነው። ቀረብ ብለሽ፣ ክንድሽን ዓምድ ላይ አስደግፈሽ አንሺ።

ዓባይ ማዶ፦ ከመግዛትሽ በፊት የእኔን ስሚ። ስሙን ከማልጠራው ሱቅ «አዲስ ነው፣ እሽጉ አልተፈታም» ተብዬ ውድ ስልክ ገዛሁ። ጀልባ ላይ ማዕበል ቢረጨው ካሜራው ውስጥ ጭጋግ ገባ። ውሃ አይገባውም የተባለ ስልክ! ጥገና ባለሙያ ሲያየው የጀርባው መስታወት ቀድሞ ተነቅሎ በሌላ ሙጫ ተለጥፏል፤ ጠርዙ ላይ የደረቀ ሙጫ እንደ ክር ወጥቶ በጥፍር ይነካል። ሱቁ «ውሃ የነካው ዋስትና የለውም» ብሎ መለሰኝ።

ቤዛዊት፦ የትኛው ሱቅ ነው? ስሙን ካልነገርከን ማስጠንቀቂያው ለማን ይጠቅማል?

ዓባይ ማዶ፦ ጉዳዩ በሽማግሌ ተይዟል። እስኪያልቅ አልናገርም።

የድሮ ደንበኛ፦ ለዚህ ነው እኔ ከአንድ ልጅ በቀር ከማንም የማልገዛው። ቤተሰቤ በሙሉ ስልክ የገዛው ከእሱ ነው። አባቴ ታመው ቤት ድረስ መጥቶ የጠየቀ ሰው ነው። «ይህኛው ይሻልሻል» ካለሽ ዝም ብለሽ ውሰጂ፤ አይዋሽም።

ቤዛዊት፦ በሽተኛ መጠየቁ ያስመሰግነዋል። ደረሰኝ ይሰጣል?

የድሮ ደንበኛ፦ ጠይቄው አላውቅም። ከሚያምኑት ሰው ደረሰኝ መጠየቅ ነውር ነው።

ቤዛዊት፦ ደንበኝነት ማስረጃ ከሆነ ዋስትና ለምን ይጻፋል?

ጣና ዳር፦ ሻላ ለማንሣት ስልክ መቀየር ምን ያደርጋል? ማለዳ ዓሣ አስጋሪዎቹ መረባቸውን ይዘው ሲመለሱ ዳርቻው ላይ ቁሚ። ዓሣውን ሲያጸዱ ሻላዎቹ የሚጣለውን ለመሻማት ራሳቸው እግርሽ ሥር ይመጣሉ። ጉማሬ ከሆነ የምትፈልጊው ዓባይ ከሐይቁ በሚወጣበት በኩል ነው፤ ጀልባ ነጂውን ግን አታስጠጊው።

ሽምብጥ፦ ወደ ጥያቄዋ እንመለስ። እህቴ፣ ገንዘቡን ከመቁጠርሽ በፊት ስልኩን አስከፍቺና *#06# ደውዪ፤ የሚወጣው የስልኩ መለያ ቁጥር (IMEI) ካርቶኑ ላይ ካለው ጋር አንድ መሆን አለበት። ሳምሰንግ ከሆነ *#0*# ስትደውዪ ስክሪኑን በቀይ፣ በአረንጓዴና በሰማያዊ የሚፈትሽ ገጽ ይከፈታል፤ የሞተ (የማይበራ) ነጥብ ካለ ያኔ ይጋለጣል። በአይፎን ቅንብሮች ውስጥ የባትሪውን ጤንነትና ስንት ዙር እንደተሞላ ታገኛለሽ፤ «አዲስ» ተብሎ ብዙ ዙር ካሳየ ጥለሽ ውጪ። ለአሜሪካ ገበያ የተሠራው አይፎን 15 የሲም ካርድ ማስገቢያ እንደሌለውም አትርሺ። ውሃን በተመለከተ ዓባይ ማዶ ያለው እውነት ነው፤ ስልክ አንዴ ተከፍቶ በአግባቡ ካልታሸገ የፋብሪካው መከላከያ አይሠራም። ካልተከፈተም ቢሆን የኤስ 24 አልትራ ልክ 1.5 ሜትር ንጹሕ ውሃ ውስጥ 30 ደቂቃ ነው፤ ያም በፋብሪካ ሙከራ እንጂ በማዕበል አይደለም።

የኤስ 24 አልትራ ባትሪ 5000 ሚሊአምፔር-ሰዓት ነው፤ የእኔ ቀኑን ያደርሰኛል። ሁለቱም ቻርጀር ካርቶኑ ውስጥ የላቸውም፤ ለሳምሰንጉ 45 ዋት የሚሰጥ ለብቻ ግዢ።

አስጎብኚዋ፦ ሁላችሁንም አመሰግናለሁ፤ የሽምብጥን ጽሑፍ አስቀምጬዋለሁ። ሁለት ሲም ስለምጠቀም የማስገቢያው ነገር አሳስቦኛል። ዓባይ ማዶ፣ ጭጋጉ በኋላ ለቀቀ?

ዓባይ ማዶ፦ አልለቀቀም። ቀን ብዙም አይታወቅም፤ ማታ ግን መብራት ሁሉ ዙሪያውን ነጭ ቀለበት ይዞ ይወጣል። ይህን ሌንስ የሚያጸዳና ጀርባውን በትክክለኛው ሙጫ የሚያሽግ ባለሙያ የምታውቁ ካላችሁ እዚሁ ጻፉልኝ።

የድሮ ደንበኛ፦ ልጁ ጥገናም ይሠራል። እኔ ይዤህ እሄዳለሁ።