ልጄ ሮጣ ስታቆም ነው ሳሉ ሚነሳባት፣ አስም ይሆን?

የሐይቅ ዳር እናት፦
ሰላም ቤተሰብ እንዴት ናችሁ። እስቲ ምታውቁ ካላችሁ እርዱኝ ግራ ገብቶኛል። ልጄ 13 አመቷ ነው፣ እዚሁ ሐዋሳ የታዳጊ ፕሮጀክት ገብታ ሩጫ ትሰራለች፣ በሳምንት ሶስት ቀን ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ይወጣሉ፣ አንዳንዴ ሐይቁን ይዘው እስከ አሞራ ገደል አንዳንዴ ደግሞ ታቦርን ሽቅብ። ክረምት ላይ ምንም አልነበረባትም። ህዳር ከገባ ወዲህ ግን እየሮጠች እያለች ደህና ትሆንና ካቆመች በኋላ አምስት ደቂቃ ሳይሞላ ደረቅ ሳል ይይዛታል፣ ደረቴን ጨመቀኝ ትላለች፣ ጆሮዬን ጀርባዋ ላይ ሳደርግ ሲር ሲር ሚል ድምፅ እሰማለሁ። ግማሽ ሰዓት ምናምን ቁጭ ስትል ይለቃታል ከዛ ምንም እንዳልነበረ ተነስታ ትምህርት ቤት ትሄዳለች። ሌሊትም አልፎ አልፎ ያስላታል።

አሰልጣኟ ልምምድ ስላነሳት ነው ብሎ ዙር ይጨምርባታል። አንድ ክሊኒክ ሶስቴ ወስጃት ሶስቴም አሞክሳሲሊን ነው የሰጡኝ፣ ሁሉንም ጨረሰች ለውጥ የለም። አባቷ ደግሞ ሩጫው ይቅርባት ብሎ ቆርጧል፣ ይሄን ስትሰማ ስታለቅስ ነው ያደረችው። ህፃን እያለች ችፌ ነበረባት፣ እህቴ ደግሞ አስም አለባት፣ ይሄ ነገር ይገናኛል? በናታችሁ።

ከአዳማ፦
እህቴ የኔን ታሪክ የፃፍሽ ነው የመሰለኝ። እኔ ኳስ ነው ምጫወተው፣ አዳማ ደግሞ ታውቂዋለሽ በጋ ላይ ንፋሱና አቧራው፣ እኛ ሰፈር ሜዳው አፈር ነው፣ ጨዋታ አልቆ ጓደኞቼ ሻይ ሲጠጡ እኔ ግድግዳ ይዤ ነው ማስለው። ለሁለት አመት አቅም የለኝም ብዬ አምኜ ነበር፣ እንደውም ትቼው ነበር። መጀመሪያ የሳልቡታሞል፣ የአየር ቧንቧ ሚከፍተው መድሃኒት፣ ኪኒን ነበር የሰጡኝ፣ እጄ ይንቀጠቀጣል ልቤ ይመታል፣ ሚሰራውም ዘግይቶ ነው። ኋላ ሆስፒታል ሄጄ ፓፉን፣ በአፍ ሚነፋውን፣ ስጀምር ነው ሰው የሆንኩት። አሁን ከጨዋታ 15 ደቂቃ በፊት ሁለት እነፋለሁ ከዛ በደንብ አሟሙቃለሁ። ልጅቷን አታስቁሟት እባካችሁ።

እማማ ጥሩ፦
ልጄ ይሄ ብርድ ነው። ገና ጎህ ሳይቀድ ላብ አልቧት በዛ ንፋስ ስትቆም ብርድ ደረቷ ገብቶ ነው። ፌጦ በማር አርገሽ አጠጫት፣ እስኪሻላት ደግሞ ከቤት አትውጣ። እኔ ስድስት ልጅ አሳድጌአለሁ።

ሲስተር ከሪፈራል ሰፈር፦
እማማ ብርዱን ያሉት እውነትዎን ነው፣ ብርዱ አለበት፣ ግን ደረቷ ገብቶ ተቀምጦ አይደለም፣ እሱን ላስረዳ።

የልጅቷ እናት፣ የፃፍሽውን ሁለቴ አነበብኩት። በጣም ጥሩ ነገር ነው ያስተዋልሽው፣ ምክንያቱም ትልቁ ፍንጭ ሰዓቱ ነው። አቅም ያነሰው ሰው ትንፋሽ ሚያጥረው እየሮጠ እያለ ነው፣ ሲያቆም ቶሎ ይመለስለታል። በስፖርት ሚነሳ የአየር ቧንቧ መጥበብ ግን ብዙ ጊዜ ካቆሙ በኋላ ነው ሚብሰው፣ ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ላይ ይጠነክራል፣ ከ30 እስከ 60 ደቂቃ ባለው ውስጥ ይለቃል። ስንሮጥ በአፍ ነው ምንተነፍሰው፣ አፍንጫ ማሞቅና ማርጠብ የነበረበት አየር እንዳለ ቀጥታ ይገባል፣ የህዳርና የታህሳስ ማለዳ አየር ደግሞ ቀዝቃዛም ደረቅም ነው፣ የቧንቧውን እርጥበት ይወስደዋል፣ ቧንቧው ሲደርቅ ይቆጣል ዙሪያውን ያለው ጡንቻ ይኮማተራል። ክረምት ደህና የነበረችው ለዚህ ይመስለኛል። ጭስም ያባብሳል፣ ህዳር 12 ቆሻሻ ሲቃጠል የነበረውን ጠዋት አስታውሺ፣ ቤት ውስጥም ከሰልና እጣን ካለ እሷ ካለችበት ክፍል ይራቅ። ችፌውና የአክስቷ አስም አዎ ይገናኛሉ፣ ችፌና አስም ቤተሰብ ናቸው። አሞክሳሲሊን ግን የባክቴሪያ መድሃኒት ነው፣ ለዚህ አይሰራም።

ይሄን ብዬ ግን ሳትመረመር አስም ነው ብዬ አልፈርምልሽም። እኛ ሀገር ልጆች ጉሮሯቸውን ታመው በደንብ ሳይታከሙ ቀርተው የልብ ቫልቭ ህመም ሚይዛቸው አሉ፣ እሱም ትንፋሽ ያሳጥራል፣ ያስላል። ስትሮጥ ራሷን ስታ ከወደቀች፣ ደረቷን ከወጋት፣ ጋደም ስትል ካፈናት፣ ከዚህ በፊት መገጣጠሚያዋ አብጦ ከነበረ፣ ሩጫው ይቁምና ልቧ በአልትራሳውንድ ይታይ። ወር አበባ ጀምራ ከሆነ ደግሞ ደሟ ይለካ፣ የደም ማነስ ብዙ ሴት ልጆች ላይ አለ። ድምፁ ከደረት ሳይሆን ከጉሮሮ ከሆነ፣ አየር ስታስገባ ሚጮህ ከሆነና እንዳቆመች ወዲያው ሚጠፋ ከሆነ የድምፅ አውታር መጥበብ ሊሆን ይችላል፣ እሱ ላይ ፓፍ አይሰራም። ሳሉ ሁለት ሳምንት ስላለፈው ቲቢም አብረው ያዩላታል፣ በተለይ ክብደት ቀንሳ ሌሊት ሚያልባት ከሆነ፣ አትደንግጪ አሰራሩ ነው።

ሆስፒታል ስትሄዱ ፒክ ፍሎው ካለ ጠይቂ፣ እፍ ተብሎ ሚለካ ትንሽ ቱቦ ነው። ከሩጫ በፊት ይለካል፣ ከዛ ግቢው ውስጥ ስድስት ስምንት ደቂቃ ጠንከር አርጋ ትሮጥና 5፣ 10፣ 15 ደቂቃ ላይ ይለካል፣ በልጅ ከ15 በመቶ በላይ ከወረደ ነገሩ ግልፅ እየሆነ ነው። ሌሊት ሚያስላት መሆኑ ግን ያሳስበኛል፣ ምክንያቱም ያ ማለት ከሩጫ ውጪም ቧንቧው ተቆጥቷል ማለት ሊሆን ይችላል፣ እንደዛ ከሆነ ከሩጫ በፊት ሚነፋው ብቻውን አይበቃትም፣ በየቀኑ ሚወሰድ እንደ ቤክሎሜታዞን አይነት ቁጣውን ሚያበርድ ያዙላታል። እሱን ደህና ሆንኩ ተብሎ አይተውም፣ በተነፋ ቁጥር ደግሞ አፏን ትጉመጥመጥ። ሳልቡታሞሉን ብቻ በየቀኑ ማብዛት ጉልበቱን ያሳጣዋል።

አንድ ነገር በቃልሽ ያዢልኝ፦ ሙሉ አረፍተ ነገር መናገር ካቃታት፣ ከንፈሯ ከጠቆረ፣ ጎድኗ መሃል ያለው ቆዳ ወደ ውስጥ ከተሳበ ወይ ፓፍ ወስዳ ካልተሻላት ባጃጅም ይሁን የጎረቤት መኪና ይዘሽ ድንገተኛ ክፍል። አታስተኚያት፣ ቁጭ እንዳለች፣ መንገድ ላይ በየደቂቃው አንድ አንድ እየነፋሽላት፣ እስከ 10 ድረስ።

አሰልጣኝ ነኝ፦
ስለ ሙያ ጓደኛዬ አዝናለሁ፣ ግን እኔም ድሮ እንደዛ ነበርኩ፣ ሚያስለውን ልጅ ሰነፍ ነው ብዬ ዙር ጨምሬበታለሁ፣ እስካሁን ያሳዝነኛል። ሲስተር ላይ ልጨምር፣ ማሟሟቂያውን ከ10 እስከ 15 ደቂቃ አድርጉላት፣ ቀስ ካለ ሶምሶማ ተጀምሮ መሃል ላይ አጫጭር ፈጠን ያሉ ሩጫዎች ይግቡበት፣ እንደዛ ያሟሟቀ ብዙ ልጅ ከዛ በኋላ ለሰዓት ሁለት ሰዓት ሳሉ ይቀልለታል። ሲጨርሱም ቀጥ ብሎ መቆም የለም፣ እየቀነሱ ነው። ማለዳ ላይ ነጠላ ወይ ሻርፕ አፏ ላይ ታስር፣ ከተቻለ ደግሞ ልምምዱ ፀሐይ ሞቅ ሲል ወደ 2 ሰዓት ይገፋ።

አሰልጣኟ ፓፍ ዶፒንግ ነው ካለሽ እንዳትቀበዪው። ሚነፋ ሳልቡታሞል በ24 ሰዓት እስከ 1600 ማይክሮግራም፣ በ8 ሰዓት ደግሞ ከ600 ሳይበልጥ ይፈቀዳል፣ አንዱ ፓፍ 100 ነው፣ የሷ ሁለት ፓፍ የትና የት። ኪኒኑና ሽሮፑ ግን ክልክል ዝርዝር ውስጥ ናቸው፣ ወደፊት ውድድር ከገባች እሱን እወቂ። ለአባቷ ደግሞ ኃይሌ ገብረሥላሴን ጥሪለት። አስም አለበት፣ በፈረንጆቹ 2008 የቤጂንግን አየር ፈርቶ የኦሎምፒኩን ማራቶን ትቶ 10 ሺውን ብቻ ሮጠ፣ በወሩ ግን በርሊን ላይ ማራቶንን በ2:03:59 ጨርሶ የአለም ሪከርድ ሰበረ።

የሐይቅ ዳር እናት፦
ተመልሻለሁ። ሆስፒታል ወሰድኳት፣ ልቧን አዳመጡ ሰላም ነው፣ ደሟም ደህና ነው፣ ፒክ ፍሎው ነበራቸው እና አስሩጠው ሲለኳት 310 የነበረው 240 ገባ። ቤክሎሜታዞን ጠዋትና ማታ፣ ሳልቡታሞል ደግሞ ከሩጫ በፊት አዘዙላት። አባቷ የኃይሌን ነገር ሲሰማ ዝም አለ፣ ጠዋት እሱ ራሱ ነው ሜዳ ያደረሳት። ችግሬ አሁን ፓፉን ስትነፋ ግማሹ አፏ ላይ ይቀራል፣ ስፔሰር፣ ፓፉ ላይ ሚገጠመውን ቱቦ፣ ፋርማሲዎች ዞሬ አጣሁ።

ሲስተር ከሪፈራል ሰፈር፦
እልልል! ስፔሰሩን ራስሽ ስሪው። የግማሽ ሊትር ውሃ ፕላስቲክ ውሰጂ፣ ቂጡን በፓፉ አፍ ልክ ቅደጂው፣ ፓፉን ሰክተሽ ዙሪያውን በፕላስተር ጥብቅ አርጊ፣ በፕላስቲኩ አፍ በኩል እሷ ከንፈሯን ትግጠም። ከመጀመርሽ በፊት በሳሙና ውሃ እጠቢው ግን በጨርቅ እንዳትወለውዪው፣ በራሱ ይድረቅ፣ ከተወለወለ መድሃኒቱ ግድግዳው ላይ ይለጠፋል። ፓፉን ናጪው፣ አንዴ ንፊ፣ አምስት ስድስት ጊዜ ረጋ ብላ ትተንፍስ፣ ከዛ ሁለተኛውን። ሁለቱን ባንዴ አይነፋም።

የሐይቅ ዳር እናት፦
ፕላስቲኩን አሁን አጥቤ መስኮት ላይ አስጥቻለሁ፣ ነገ 2 ሰዓት ልምምድ አላት።