ግሪትስን በጃፓን መረቅ ማብሰል

ጥያቄ፦ በአሜሪካ ደቡባዊ ግዛቶች የሚወደደውን ግሪትስ፣ ማለትም ከተከካ በቆሎ የሚሠራውን ገንፎ መሰል ምግብ፣ በውኃና በወተት ፈንታ ዳሺ በተባለው የጃፓን መረቅ አብስዬ ከሽሪምፕ ጋር አቅርቤ ነበር፤ ይሁን እንጂ መረረ፣ ሚሶ የተባለውን ከተብላላ አኩሪ አተር የሚሠራ ሊጥ መሰል ማጣፈጫ ስጨምርበት ደግሞ ጨው በዛበት። ስሕተቴ የቱ ላይ ነው?

መልስ 1፦ ምሬቱ ዳሺ የሚሠራበትን ኮምቡ የተባለውን የባሕር ሣር ከማፍላት የመጣ ይመስለኛል። ለ1 ሊትር ውኃ 10 ግራም ያህል ኮምቡ ለ30 ደቂቃ ዘፍዝፈው በለስላሳ እሳት ካሞቁት በኋላ፣ ውኃው ሊፈላ ሲል ያውጡት፤ ከዚያም በስሱ የተላገውን ደረቅ የቦኒቶ ዓሣ ጨምረው ከአንድ ሁለት ደቂቃ በኋላ ያጥልሉት። ለ1 ስኒ በቆሎ 4 ስኒ መረቅ ይበቃል።

መልስ 2፦ ሚሶ ራሱ ጨዋማ ስለሆነ በቆሎው ሲበስል ጨው አያስፈልገውም። ድስቱን ካወረዱ በኋላ ለዘብ ያለውን ነጭ ሚሶ በጥቂት መረቅ በጥብጠው ያዋሕዱት፤ ከፈላ መዓዛው ይጠፋል። ብዙዎች ቺዝም ይጨምራሉ፤ እኔ ግን የዳሺውን ጣዕም ስለሚሸፍነው በቅቤ ብቻ እወስናለሁ።

ጠያቂው፦ አመሰግናለሁ። ኮምቡውን በእርግጥም ሩብ ሰዓት ሙሉ አፍልቼው ነበር።