የአባቴን የቪዲዮ ካሴቶች ኢንተርኔት ላይ በነፃ ማስቀመጥ ይቻላል?

የፒያሳዋ፦
ጤና ይስጥልኝ ጎንደሬዎች። አባቴ ፒያሳ ካሴት ያከራይ ነበር። ሱቁ ከተዘጋ ቆይቷል፤ ካሴቶቹና ቪሲዲዎቹ ግን በካርቶን ታሽገው ቤት አሉ። አብዛኞቹ የአማርኛ ፊልሞች ናቸው፤ ያኔ ሰው ወረፋ ይዞ የሚከራያቸው። አሁን ዩቲዩብ ላይ ስፈልግ አንዳንዶቹ ጭራሽ የሉም። የተገኙትም መሃላቸው ተቆርጧል፤ የሆነ ቻናል አርማ ተዋናዮቹ ፊት ላይ ተለጥፎባቸዋል። በጣም ያናድዳል።

ዘንድሮ ክረምት ካርቶኑን ስከፍት አንዱ ካሴት በመስኮቱ በኩል ዱቄት የመሰለ ነጭ ነገር ይታይበታል። ደነገጥሁ። ኢንተርኔት አርካይቭ የሚባል ነፃ ማስቀመጫ አለ ሲሉ ሰማሁ። እዚያ ልጫናቸው? የሰው ልፋት መስረቅ እንዳይሆንብኝ እፈራለሁ፤ ሲጠፉ ቁጭ ብዬ ማየትም አልችልም።

ዴክ ሠሪው፦
ልጄ፣ ያ ነጭ ነገር ሻጋታ ነው። በምንም ተአምር ዴክ (የካሴት ማጫወቻ) ውስጥ እንዳታስገቢው! ቴፑን የሚያነበውን ሄድ ያበላሻል፤ ከዚያ ወደ ጤነኞቹ ካሴቶች ይጋባል። ለብቻው ለይተሽ ደረቅ ቦታ አስቀምጪው።

የቴፑን ማግኔት ከፕላስቲኩ ጋር የያዘው ሙጫ ነው። እርጥበት ሲስብ ይለቃል። ስለዚህ ካሴቶቹ ይቅደሙ። ቪሲዲው ቀላል ነው፤ ኮምፒውተር ላይ ከፍተሽ ‹ዳት› የሚለውን ፋይል መገልበጥ ብቻ። ጥራቱ ከመነሻውም 352 በ288 ፒክስል ብቻ ነው። አሳምረዋለሁ ብለሽ አትነካኪው፣ እንዳለ ይቀመጥ።

ሕግ አንባቢ፦
እህቴ፣ ፍርሃትሽ ልክ ነው። በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት ፊልም ለ50 ዓመት ይጠበቃል። ካሴቱን ወደ ኮምፒውተር ማዛወርና ለሕዝብ መልቀቅ ለየቅል ናቸው። ሽፋኑ ላይ የፕሮዲውሰሩ ስም ይኖራል፤ ፈልገሽ አግኚውና ፈቃዱን በጽሑፍ ተቀበይ።

እዚያ አርካይቭ ላይ በነፃ የሚወርዱት ብዙ የአሜሪካ ፊልሞች መብታቸው ያለቀ ወይም የወደቀ ነው። የጆርጅ ሮሜሮን የ1968 እ.ኤ.አ. የዞምቢ ፊልም ውሰጂ። አከፋፋዩ የፊልሙን ስም ሲቀይር የመብት ማስታወቂያውን ዘለለው፤ በያኔው የአሜሪካ ሕግ መብቱ በዚያው ቀረ። ዛሬ ማንም ያወርደዋል። የኛዎቹ ግን ባለቤት አላቸው።

የፒያሳዋ፦
ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ካሴቱን ለይቼዋለሁ። ወንድሜ፣ ፈቃዱን እጠይቃለሁ። እንደኔ እንደኔ አብዛኞቹ ፕሮዲውሰሮች ደስ ይላቸዋል፤ ፊልማቸውን ተቆራርጦ ከማየት ሙሉውን በስማቸው ማየት አይሻልም? ግን ፈቃድ ካገኘሁ ለምን ዩቲዩብ አይሆንም?

ሕግ አንባቢ፦
ሁለቱም ይሁን። ዩቲዩብ ሰው ያይልሻል፤ ግን ፋይሉን ጨምቆ ነው የሚያሳየው። ቻናልሽ ከተዘጋም ሁሉም አብሮ ይሄዳል። ኢንተርኔት አርካይቭ ከ1996 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ያለ፣ ለትርፍ ያልቆመ ድርጅት ነው። የጫንሽውን ፋይል ራሱን ያስቀምጣል፤ ሌላውም ሰው አውርዶ ቤቱ ቅጂ ይይዛል። ቢሆንም አንድ ቦታ ብቻ አትመኚ። አንድ ሃርድ ዲስክ ቤትሽ፣ አንዱ ዘመድ ቤት ይሁን።

የፒያሳዋ፦
ገባኝ። የተዋንያኑን፣ የካሜራማኑንና የመብራት ሠራተኛውን ስም ሳይቀር ከሽፋኑ ላይ ገልብጬ አብሬ እጽፋለሁ። እነሱን ማንም አያስታውሳቸውም። አሁን የቸገረኝ ዴክ ነው። የሚሠራ ዴክ ያለው ሰው ጎንደር ውስጥ ይኖር ይሆን?

ዴክ ሠሪው፦
እኔ ጋ አለ። ማራኪ ነኝ። ወደ ኮምፒውተር የሚያስገባውን ካርድ ግን አንቺ ፈልጊ። ሻጋታ ያለበትን ይዘሽ እንዳትመጪ፣ ጤነኞቹን ብቻ።