30 ሰዓት ነፃ ከተባለ ይሄ ሁሉ ቢል ከየት መጣ?

እንግሊዝ አገር ልጅ ነርሰሪ ያስገባችሁ እህቶቼ፣ እስቲ ስሌቴን እዩልኝ። ልጄ 14 ወሯ ነው። እኔም ባሌም እንሠራለን፣ መንግሥት ለሚሠሩ ወላጆች በሳምንት 30 ሰዓት የነርሰሪ ክፍያ የሚሸፍንበት ኮድም ወጥቶልናል። 30 ሰዓት ሲባል በቃ ተገላገልን ብዬ ነበር፣ ቢሉን ሳየው ክው አልኩ።

ለካ 30ው በዓመት ለ38 ሳምንት ብቻ ነው፣ ማለትም 1,140 ሰዓት። ነርሰሪያችን ደግሞ ለ51 ሳምንት ስለሚያከፋፍለው በሳምንት ወደ 22 ይወርዳል፣ እሷ ግን ሦስት ቀን፣ በቀን 10 ሰዓት ነው የምትውለው። ስለዚህ በዓመት 390 ሰዓት ከኪሴ፣ በሰዓት 8 ፓውንድ፣ 3,120። በትምህርት ወቅት ብቻ ይሁንልኝ ብልና ለእረፍቱ 13 ሳምንት ሙሉውን ብከፍልስ ብዬ ደመርኩት። ያው 3,120! ልክ ነኝ?

በዚያ ላይ ለምግብና ለዳይፐር በቀን 10 ፓውንድ ጨምረዋል። የምትበላው እኮ ሩዝና አተር ነው፣ እሱንም ግማሹን መሬት ላይ ትበትነዋለች። ምሳውንም ዳይፐሩንም ከቤት እልካለሁ ብላችሁ የተሳካላችሁ አላችሁ?

ሌላው፣ እኛ 8 ፓውንድ ስናስገባ መንግሥት 2 የሚጨምርበትን አካውንት ለቀሪው ክፍያ የተጠቀመ ካለ ይንገረኝ። በየ3 ወሩ የሚደረገው ማረጋገጫ 30 ሰዓቱንም አካውንቱንም ባንዴ ያድሳል ወይስ ለየብቻ ነው?