ግልገሎቼ ሳል አልለቅ አላቸው፤ የሳንባ ትል ይሆን?

ጥያቄ፦ ሰላም ለሁላችሁ። ግልገሎቼ ትንሽ ሲሮጡ ይስላሉ፣ አፍንጫቸው ይዝረበረባል፣ እየበሉም ይከሳሉ። ልጆቼ አብረዋቸው ስለሚውሉ ፈራሁ፤ ወደ ሰው ይተላለፋል?

መልስ 1፦ ሊሆን ይችላል፣ ግን ሳል ሁሉ ትል አይደለም። ትኩስ በጠጥ ለእንስሳት ሐኪም ውሰድ፣ የትሉ እጭ (ገና ያላደገው ትል) በማይክሮስኮፕ ይታያል። በጓ ስታስል እጩ ወደ ጉሮሮ ይወጣል፣ ትውጠዋለች፣ ከበጠጧ ጋር ይወርዳል፣ ከዚያ እርጥብ ሳር ላይ ይጎለምስና ሌላዋ ከሳሩ ጋር ትግጠዋለች። መድኃኒት ሰጥተህ እዚያው መስክ ላይ ብትመልሳቸው ልፋትህን ውሃ በላው።

መልስ 2፦ ለልጆቹ የበጎቹ ሳንባ ትል አያስጋህ። ይልቅ ወስፋትን ፍራ፤ የሱም እጭ በሳንባ አልፎ ነው አንጀት የሚገባው፣ ሊያስልም ይችላል። እጃቸውን በሳሙና ይታጠቡ።

መልስ 3፦ አልቤንዳዞል ከታዘዘ በክብደታቸው ልክ ስጥ። ሲያንስ ትሉ መድኃኒቱን ይለምዳል። እርግዝናዋ ገና ለሆነ በግ ግን አደራ፣ ሐኪሙን ሳትጠይቅ እንዳትሰጥ!