ጁሊያን ዞር ብሎ ማየቱ ጥፋት ይባላል?

ማራኪ (ጠያቂ)፦ ሰላም ለሁላችሁ። ባለፈው ቅዳሜ እዚህ ጎንደር ከጓደኞቼ ጋር ሉዊ ማል በ1987 እ.ኤ.አ. የሠራውን «ደኅና ሁኑ ልጆች» የተባለ የፈረንሳይ ፊልም አይተን ሳንስማማ ተለያየን። ታሪኩ ፈረንሳይ በጀርመን እጅ ሳለች፣ በ1944 እ.ኤ.አ. ጥር ወር፣ በካቶሊክ አዳሪ ትምህርት ቤት የተፈጸመ ነው። የጌስታፖው (የናዚ ጀርመን ምስጢራዊ ፖሊስ) ሰው ክፍል ገብቶ ኪፔልስታይን የተባለው አይሁዳዊ ተማሪ የትኛው እንደሆነ ይጠይቃል፤ መልስ ሲያጣ ፊቱን ወደ ግድግዳው ካርታ መልሶ የተሰኩትን ትናንሽ ባንዲራዎች መንቀል ሲጀምር፣ ተማሪው ጁሊያን፣ ቦኔ በሚል የሐሰት ስም ወደ ተደበቀው ወዳጁ ወደ ኪፔልስታይን ለቅጽበት ዞር ይላል፤ ሰውየውም ያየዋል። ልጁ የዋህነቱን ያጣው በዚያች ቅጽበት ነው ትላላችሁ?

ቀሃ፦ መርማሪው እውነተኛውን ስም ይዞ የመጣ በመሆኑ እስሩ በዚያ ዓይን ብቻ የመጣ አይደለም። ቦኔም ዕቃውን ሲሸክፍ ለማንኛውም ይይዙኝ ነበር ብሎ ያጽናናዋል። እኔን የከበደኝ ግን ይኸው ማጽናናት ነው፤ ቢቆጣው ኖሮ ለጁሊያን ይቀልለው ነበር።

አዘዞ፦ ሁላችሁም የማእድ ቤቱን ልጅ ዮሴፍን ዘለላችሁት። ጁሊያን ማርመላታ እየሰጠው ቴምብር ይቀበለው ነበር፤ ሌሎቹም ከቤት የተላከላቸውን ምግብ በእርሱ በኩል ይለውጡ ነበር። ጉዳዩ ሲወጣ ግን የባለጸጋ ልጆቹ እስከ ፋሲካ ከግቢ እንዳይወጡ ሲከለከሉ ድሀው ዮሴፍ ተባረረ፤ እርሱም ሄዶ የተደበቁትን አይሁዳውያን ልጆች ለጀርመኖቹ ጠቆመ። ጠቋሚነቱን አላስተባብልም፤ ሆኖም ጁሊያን በግቢው ውስጥ ዮሴፍን ከጀርመኖቹ ጋር ቆሞ ሲያየው፣ ያ ማርመላታ ትዝ ሳይለው የቀረ አይመስለኝም።

ወለቃ፦ የእኔ ነገር ከዚህ ጋር የሚተካከል አይደለም፤ እነዚያ ወደ ሞት ተወሰዱ፣ የእኛ ጎረቤቶች ወደሚናፍቋት ኢየሩሳሌም ሄዱ። በ1976 ዓ.ም. አብሮ አደጌ የሆነ የቤተ እስራኤል ልጅ እናቱ የሠራችውን የሸክላ ፈረስ ያለ ምክንያት ሰጠኝ። በማግስቱ በራቸው ተዘግቶ ነበር፤ በሌሊት ወደ ሱዳን በእግር ወጥተዋል። እናቴ፣ ማንም ቢጠይቅህ ዘመድ ሊጠይቁ ሄደዋል በል አለችኝ። አንድ ጎረቤት ጠየቀኝ፤ እንደተነገረኝ መለስኩ፣ ዓይኔ ግን ወደ በሩ ሄደብኝ። ስለዚህ ጁሊያንን ለመፍረድ አልደፍርም።

ማራኪ (ጠያቂ)፦ አመሰግናለሁ። የአዘዞውን አስተያየት ካነበብኩ በኋላ ፊልሙን ደግሜ አየሁት፤ ቴምብሮቹን በሌላ ዓይን ነው ያየኋቸው። በዚያው አንድ ያመለጠኝን ነገር አገኘሁ፦ ከተደበቁት ልጆች የአንዱ ቅጽል ስም «ኔጉስ» ነው፣ የእኛው ንጉሥ። በመጨረሻ ተራኪው ሦስቱ የተደበቁ ልጆች፣ ቦኔ፣ ኔጉስና ዱፕሬ፣ በናዚዎች የሞት ካምፕ በአውሽዊትዝ መሞታቸውን ሲናገር፣ ያን ስም ለመስማት ስል ሦስት ጊዜ ወደ ኋላ መለስኩት።